ቃል የተነጠቀ ቴአትር

ባለፈው ክረምት አንድ ማታ ነው። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። እማዬ ሰፌዱን ጭኗ ላይ አድርጋ ምስር ትለቅማለች። እኔ ላፕቶፔን ኩርሲ ላይ አስቀምጬ ፊልም ከፈትኩ። የ1925 ፊልም ነው። (እዚህ ጽሑፍ ላይ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

"ድምፁን ጨምረው እንጂ" አለችኝ፣ ቀና ሳትል።

"ድምፅ የለውም እማዬ። ፊልም መናገር ከመጀመሩ በፊት የተሠራ ነው።"

አልገረማትም። እማዬ በወጣትነቷ ሲኒማ ቤት እየገባች የህንድ ፊልም ስታይ ያደገች ሴት ናት። አንድም የሂንዲ ቃል አታውቅም። የሚተረጉምላትም አልነበረም። ግን ማን ማንን እንደከዳ፣ የትኛው ልጅ የማን እንደሆነ አያመልጣትም። "ሰው በፊቱ አይደል እንዴ የሚናገረው" ትላለች እስከ ዛሬ።

እኔ ደግሞ የቃል ሰው ነኝ። ልጅ ሆኜ የጸጋዬ ገብረ መድኅንን ሐምሌት ጮክ ብዬ አነብ ነበር። ግማሹ አይገባኝም። የድምፁ ግርማ ብቻ ይበቃኝ ነበር። የከበደ ሚካኤልን ሮሚዮና ዡልየትም እንደዚሁ። ለእኔ ቴአትር ማለት ቃል ነው። እዚህ አገር ብዙዎቻችን እንዲህ ይመስለናል። ከቴአትር ቤት የሚወጣ ሰው ስለ መብራቱ ሲያወራ ሰምቼ አላውቅም። "እንትን ያለው ቦታ ላይ ሰማኸው?" ነው የሚባባለው።

ስለዚህ የታወቀ ቴአትር ወስደው ስለተሠሩ ድምፅ አልባ ፊልሞች መጀመሪያ ሳነብ ግራ ገባኝ። ሼክስፒርን፣ ዱማን፣ ዋይልድን ያነሳሉ። ቃሉን በሙሉ ያወጡታል። ያ አልበቃ ብሎ የድሮ ልብሱን አስወልቀው የዘመናቸውን ልብስ ያለብሱታል። ቃሉም ዘመኑም ከሄደ ታዲያ ምን ቀረ?

ያን ማታ የከፈትኩት ፊልም የሌዲ ዊንደርሚር ማራገቢያ ይባላል። ቴአትሩን የጻፈው ኦስካር ዋይልድ ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው ለንደን፣ ሴንት ጄምስ ቴአትር፣ ፌብሩዋሪ 20 ቀን 1892 ነው። ፊልሙን የሠራው ኤርንስት ሉቢች ደግሞ በዚያው ዓመት፣ በጃንዋሪ መጨረሻ፣ በርሊን ውስጥ ተወለደ። ሰውየውና ቴአትሩ የሦስት ሳምንት ያህል ታላቅና ታናሽ ናቸው። ይህን ሳገኝ በጣም ደስ አለኝ። ምንም ነገር አያረጋግጥም፤ ግን አንዳንድ ግጥምጥሞሽ ዝም ብሎ ያምራል።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ሌዲ ዊንደርሚር ወጣት ባለትዳር ናት። እናቷ ገና በሕፃንነቷ ሞታለች ብላ ነው የምታምነው። እናትየው ግን አልሞተችም። የዛሬ 20 ዓመት ባሏንና የጨቅላ ልጇን አልጋ ትታ ከሌላ ሰው ጋር ጠፍታ ነበር። አሁን ስሟን ቀይራ፣ ሚስስ ኧርሊን ተብላ ለንደን መጥታለች። የልጇ ባል እውነቱን ያውቃል። ሚስቱ እንዳትሰማ ብሎ በድብቅ ገንዘብ ይሰጣታል። ሚስት ደግሞ ገንዘቡን ትደርስበታለች፣ ምክንያቱን ግን አታውቅም። ውሽማው ናት ብላ ታስባለች። ማን አያስብም?

ዋይልድ ይህን ታሪክ በሚያብረቀርቅ ንግግር ነው የሞላው። "ከፈተና በቀር ሁሉን መቋቋም እችላለሁ" የሚለው እዚህ ቴአትር ውስጥ ነው ያለው። "ሁላችንም ቦይ ውስጥ ነን፤ አንዳንዶቻችን ግን ኮከቦቹን እናያለን" የሚለውም። እነዚህን ዓረፍተ ነገሮች ቴአትሩን ጨርሶ የማያውቅ ሰው ሁሉ ይጠቅሳቸዋል። ሉቢች አንዱንም አልወሰደም። በፊልሙ መሃል ጽሑፍ ብቅ እያለ ይነበባል፤ ከፈለገ እዚያ ላይ ሊደረድራቸው ይችል ነበር። ሌላ ሰው ቢሆን ይህን ያደርግ ነበር። እሱ ግን ዋይልድን ያለ ዋይልድ አንደበት ሠራው።

ፊልሙ ሲጀምር ሌዲ ዊንደርሚር የራት ግብዣ ወንበር እየደለደለች ናት። ማን ከማን አጠገብ ይቀመጥ? ትልቁ ጭንቀቷ ይህ ነው። ባሏ በበኩሉ እዚያው ቤት ውስጥ ከማያውቃት ሴት የተላከለትን ደብዳቤ ይዟል። ሎርድ ዳርሊንግተን የሚባል የቤተሰብ ወዳጅ ይመጣል። ይህ ሰው ሚስትየዋን ይመኛል። ባልየው ደብዳቤውን ሊሸሽግ ይሞክራል፣ ዳርሊንግተን ያየዋል። ማንም ምንም አላለም። እኔ ግን በዚያች ቅጽበት የማውቀውን ቆጠርኩ። ባል የደበቀውን አወቅሁ፣ ወዳጅ ተብዬው ያየውን አወቅሁ፣ ሚስት ያላየችውን አወቅሁ። ፊልሙ ከተጀመረ ገና ደቂቃዎች ናቸው።

እማዬ ምስሯን ትለቅማለች። አልፎ አልፎ ቀና ትላለች። ጽሑፍ ሲመጣ እየተረጎምኩ አነብላታለሁ። ቶሎ ቶሎ አይመጣም።

ከዚያ የፈረስ እሽቅድምድሙ መጣ።

ይህ ቦታ ቴአትሩ ውስጥ የለም። ሉቢች ራሱ የጨመረው ነው። የለንደን ባለጸጋ በሙሉ ፈረስ ሊያይ ተሰብስቧል፤ ፈረስ የሚያይ ግን የለም። ሁሉም ሚስስ ኧርሊንን ነው የሚያየው። መነጽሩ ሁሉ ወደሷ ዞሯል። ሐሜተኛ ሴቶች አሉ። መነጽራቸውን ፀጉሯ ላይ ደቅነው ሽበት ይፈልጋሉ። ወንዶቹ በስርቆት ያያሉ፣ ሴቶቹ በግላጭ ያፈጣሉ። እሷ እየታየች እንደሆነ ታውቃለች። አንገቷን ቀጥ አድርጋ ትቀመጣለች። ካሜራው አንዴ ከዚህ አንዴ ከዚያ ያያታል። አንዱ ዓይን የሚያየውን ሌላው አያየውም። ልጇም በዚያው ቦታ አለች። እናትየዋ ልጇን ታያለች። ልጅየዋ ደግሞ ሰው ሁሉ የሚያማትን አንዲት ሴት ታያለች። በቃ።

እማዬ እጇን ሰፌዱ ላይ አቆመች።

"ውይ! የሰርግ ቤት ሴቶች" አለች።

ልክ ናት። ድንኳን ውስጥ አንዲት ሴት ስትገባ የሚዞረውን አንገት ሁላችንም እናውቀዋለን። ጫማዋን፣ ፀጉሯን፣ ከማን ጋር እንደመጣች። ቃል አያስፈልግም። ዋይልድ በንግግር ያደረገውን ሉቢች በዓይን አደረገው። ዋይልድ የከበርቴውን ዓለም ሲያሳይ አፋቸው ስለት እንደሆነ ነው የሚያሳየን። ሉቢች ዓይናቸው ስለት እንደሆነ አሳየ። ቁስሉ ያው ነው።

ከእሽቅድምድሙ በኋላ ያለችውን አንዲት ቦታ ሳልናገር ማለፍ አልችልም። ሎርድ ኦገስተስ የሚባል ባላባት ሚስስ ኧርሊንን ይከተላታል። እሷ ግድግዳ ግድግዳውን ይዛ ትሄዳለች፣ እሱ ከኋላ። ካሜራው ከጎን አብሯቸው ይሄዳል። ሲቀርባት የምስሉ ዳር እየጨለመ፣ እየጠበበ ይመጣል። ሊደርስባት ሲል ሁለቱ ብቻ እስኪቀሩ ድረስ። ከዚያ ደግሞ አንድ ጽሑፍ ይመጣል። ወንድ የአንዲትን ሴት በር የሚደውልበት አኳኋን ምን ያህል እንደተቀራረቡ ይናገራል ይላል። መጀመሪያ ሰውየው ልብሱን እያስተካከለ፣ በጭንቀት ሲደውል እናያለን። ሌላ ቀን ደግሞ እንደ ቤተኛ። የሁለት ሰው ቅርርብ በደወል ተነገረ። እኔ ይህን ለመጻፍ ስንት ገጽ ይፈጅብኝ ነበር።

ልብሱ ደግሞ የ1920ዎቹ ልብስ ነው። ዋይልድ የጻፈው ስለ 1890ዎቹ ሰዎች ነበር። በጋሪ የሚሄዱ፣ ቀሚሳቸው መሬት የሚጠርግ። ሉቢች የልብስ ሰፊ ልጅ ነው፤ ልብስ ምን እንደሚናገር ከቤቱ ያውቃል። ፊልሙን ሊያዩ የሚመጡት ሰዎች የሚለብሱትን ነው ያለበሳቸው። አየህ፣ ይህ ቀላል ነገር ይመስላል። አይደለም። የጥንት ልብስ የለበሰ ኃጢአተኛ አያስፈራም። ያ ድሮ ነበር፣ ያኔ ሰው እንዲህ ነበር ብለህ ታልፈዋለህ። ያንተን ኮት የለበሰ ኃጢአተኛ ግን ጎረቤትህ ነው።

እዚህ ላይ ከፊልሙ ትንሽ ወጣ ልበል። ይህን ነገር በደንብ የገባኝ ከሌላ ታሪክ ነውና።

ታናሹ አሌክሳንደር ዱማ ባለ ካሜሊያዋ እመቤት የሚባለውን ልቦለድ በ1848 አሳተመ። ፓሪስ ውስጥ በሀብታም ወንዶች ገንዘብ ስለምትኖር አንዲት ሴት ነው። መነሻው እውነተኛ ሴት ናት፤ ማሪ ዱፕሌሲ ትባላለች። በ1847 በ23 ዓመቷ በሳምባ ነቀርሳ ሞተች። ዱማ ያውቃት ነበር፣ ወዷትም ነበር። ልቦለዱን ወደ ቴአትር ሲያዞረው ሳንሱር ከለከለው። መድረክ ላይ የወጣው በ1852 ነው። በቀጣዩ ዓመት ጣሊያናዊው የሙዚቃ ደራሲ ቬርዲ ከዚሁ ታሪክ ላ ትራቪያታ የሚባለውን ኦፔራ ሠራ። ዘፋኞቹ የጊዜያቸውን ልብስ እንዲለብሱ ፈለገ። ኦፔራው የሚታይባት የቬኒስ ባለሥልጣናት አይሆንም አሉ። ታሪኩ በ1700 አካባቢ እንደሆነ ተደርጎ ይቅረብ ተባለ። እንዲያ ሆኖ ቀረበ።

እስቲ አስቡት። ዘፈኑን አልከለከሉም። ጋለሞታዋን አልከለከሉም። ፍቅሯንም ሞቷንም ተዉት። የከለከሉት ልብሱን ነው። እዚያ አዳራሽ ውስጥ የተቀመጡት ባለጸጎች መድረኩ ላይ የራሳቸውን ኮት እንዳያዩ ነው የተፈለገው።

ከዚያ 70 ዓመት ያህል አለፈ። ታሪኩ የታወቀ ሆነ። የሚያማምር የድሮ ቀሚስ ለብሳ እየሳለች የምትሞት ሴት፤ ሁሉም እያለቀሰ የሚወጣበት። በ1921 አላ ናዚሞቫ ይህን ታሪክ በፊልም ስትሠራው ወደ ዘመኗ ፓሪስ አመጣችው። ናዚሞቫ ክሪሚያ የተወለደች፣ አሜሪካ ውስጥ በኖርዌያዊው ጸሐፊ በኢብሰን ቴአትሮች ስም ያተረፈች ተዋናይት ናት። ወጣቱን አፍቃሪ ሩዶልፍ ቫለንቲኖ ነው የሚጫወተው። የቤቱን ዕቃና ቅርጽ የነደፈችው ናታሻ ራምቦቫ ናት። ክብ መስኮት፣ ቅስት በር፣ ድሮ ቤት የሚመስል ነገር የለም። ዛሬ ስናየው ራሱ ይገርማል።

ፊልሙ ሁሉ ደስ ብሎኛል ማለት አልችልም። ናዚሞቫ አንዳንዴ ታበዛዋለች፤ እጇ ከፊቷ ይቀድማል። ግን መጨረሻው አለ። በቴአትሩ አፍቃሪዋ አርማን ይመጣል፣ ባለ ካሜሊያዋ ማርግሪት በእቅፉ ውስጥ ትሞታለች። እዚህ ፊልም ላይ አይመጣም። ቫለንቲኖ የለም። እሱ የሰጣትን መጽሐፍ ይዛ ነው የምትሞተው። ልቦለዱም ላይ ቢሆን አርማን በሞቷ ሰዓት አጠገቧ አልነበረም። ዱማ ለመድረክ ሲል ያለዘበውን ነገር ፊልሙ መልሶ አጠነከረው። የሚናዘዝ ሰው ከሌለ ቃልም አያስፈልግም መሰለኝ። መጽሐፍና አልጋ በቂ ነው።

ሁሉም እንዲህ ደፋር አልነበረም። እንዲያውም ፊልም ቴአትርን መጀመሪያ ሲነካው በጣም እየፈራው ነበር። በ1899 የእንግሊዙ ተዋናይ ኸርበርት ቢርቦም ትሪ ከሼክስፒር ንጉሥ ጆን አጫጭር ትዕይንቶችን ለካሜራ ተጫወተ። ከሼክስፒር ሥራዎች መጀመሪያ ፊልም የተነሳው እሱ ነው። በ1900 ፈረንሳዊቷ ተዋናይት ሳራ በርናርድ ራሷ ሐምሌትን ሆና የሰይፍ ፍልሚያውን በአጭር ፊልም አሳየች። ከዚያም ብዙ ተከተለ። ተዋናዩ የመድረክ ልብሱን እንደለበሰ ካሜራ ፊት ይቆማል፣ አፉን ይከፍታል፣ እጁን ያወዛውዛል። ከርቀት፣ ከአንድ ቦታ። ድምፁ የለም፣ ግን አሁንም እየተናገረ ነው። እነዚህን ሳያቸው ልቤ ያዝንላቸዋል። ቃሉን አክብረው ነው ባዶ አፍ የቀረላቸው።

ሉቢች በርሊን እያለ ሌላ መንገድ ጀምሮ ነበር። ከ1911 ጀምሮ በታላቁ ማክስ ራይንሃርት የቴአትር ቡድን ውስጥ ትንንሽ ቦታ ላይ የሚጫወት ወጣት ነበር። ሼክስፒርን ከጓዳው በኩል ነው ያወቀው። በ1920 ሁለት ሼክስፒሮችን ወደ ደቡብ ጀርመን ተራራማ መንደር ወሰዳቸው። አንዱ የኮልሂዝል ልጆች ነው፤ ከቁጡዋ ሴት መገራት ቴአትር የተነሳ። ሄኒ ፖርተን ሁለቱንም እህትማማቾች፣ ቆንጆዋንም ቁጡዋንም፣ ራሷ ትጫወታለች። ሕዝቡ በጣም ወደደው። እኔ ቴአትሩን ስለማልወደው ፊልሙንም አልወደድኩትም፤ ሴት አስገድዶ ማረቅ በሸንተረርም በቤተ መንግሥትም ያው ነው። ፖርተንን ግን ማየት ይገባል።

ሌላው ሮሚዮና ዡልየት በበረዶ ውስጥ ነው። የቬሮና ባላባቶች የሉም። ሁለት የተጣሉ የገበሬ ቤተሰቦች ናቸው። ሲጀምር ፍርድ ቤት ቀርበዋል። ሁለቱም ለዳኛው ቋሊማ ይዘው መጥተዋል። ዳኛው በፍትሕ ሚዛን ላይ ያስቀምጠዋል። ሚዛኑ እኩል ይሆናል። የጠባቸውን ስፋት፣ የዳኛውን ነገር፣ የመንደሩን ኑሮ በአንድ ሚዛን አወቅን። መጨረሻ ላይ ልጆቹ መርዝ ሊገዙ ይሄዳሉ። ባለ መድኃኒቱ ስኳር በጥብጦ ይሰጣቸዋል። ጠጥተው ተኝተው ሞትን ይጠብቃሉ። አይሞቱም።

ይህ ፍጻሜ መጀመሪያ አናደደኝ። ከከበደ ሚካኤል መጽሐፍ ጋር ያለቀስኩ ልጅ ነኝ። በኋላ ግን አንድ ነገር አሰብኩ። በሼክስፒሩ ታሪክ ልጆቹ የሚሞቱት አንድ ደብዳቤ በሰዓቱ ባለመድረሱ ነው። መንደር ውስጥ ግን ሁሉም ሁሉን ያውቃል። ባለ መድኃኒቱ ልጆቹን ያውቃቸዋል፣ አባቶቻቸውንም ያውቃል። መርዝ አይሸጥላቸውም። ቦታውን ስትቀይረው ታሪኩ ራሱ ሌላ መጨረሻ ይጠይቅሃል። ሉቢች ይህን ሰምቶታል።

የፓንዶራ ሣጥን ስለሚባለው ፊልምም ማለት ያለብኝ አለ። በ1929 የወጣ ነው፤ ድምፅ አልባው ዘመን ሊያልቅ ሲል። ኦስትሪያዊው ዳይሬክተር ፓብስት ከጀርመናዊው ጸሐፊ ከቬዴኪንድ ሁለት ቴአትሮች ነው የሠራው። ቴአትሮቹ ስለ ሉሉ ናቸው። ወንዶች የሚጠፉላትና የሚጠፉባት ሴት። ቬዴኪንድ የቃል ሰው ነው፤ ሉሉን ያለ ቃል ማሰብ አይቻልም ብለው የጻፉ ነበሩ። ፓብስት ደግሞ ጀርመንኛ የማትናገር አሜሪካዊት አመጣ። ሉዊዝ ብሩክስ። አጭር ጥቁር ፀጉር፣ ግንባሯን የሸፈነ። የጀርመን ተዋናይት ጠፍታ ነው ወይ ብሎ የተቆጣ ብዙ ነበር።

ፊልሙ ሲከፈት አንድ ሰውዬ ቆጣሪ እያነበበ ነው። በቃ፣ ቆጣሪ አንባቢ። የሉሉ ቤት መግቢያ ላይ ቆሞ ይመዘግባል። እሷ ወጥታ ፈገግ ትልለታለች፣ ጉርሻ ትሰጠዋለች። ሰውየው ይቀልጣል። ይህች ሴት ምን ዓይነት ኃይል እንዳላት፣ በየትኛው ዘመን እንደምትኖር፣ ገንዘብ ከየት እንደሚመጣ ሳትጠየቅ እንደምትኖር በአንድ ቆጣሪ አንባቢ ተነገረ። ቬዴኪንድ ያላሰበው ሰው ነው። ግን የቬዴኪንድ ነው።

ብሩክስ ከብዙ ዓመት በኋላ ስለዚህ ሥራ ጽፋለች። ከሁሉ የማይረሳኝ የልብሱ ነገር ነው። በፊልሙ መጨረሻ ሉሉ ለንደን ውስጥ ደህይታ፣ በገና ዋዜማ ጎዳና ላይ ትወጣለች። ፓብስት ለዚህ ቦታ የመረጠው የብሩክስን የራሷን ልብስ ነው። ከቤቷ ይዛው የመጣችውን፣ የምትወደውን። አስቀድዶ፣ ቅባት አስነክሮ፣ አቆሽሾ መልሶ ሰጣት። ልቧ ተሰበረ። እሱ የፈለገውም ያንን ነው። የመድረክ ቡትቶ ቢሆን ትጫወተው ነበር። የራሷ ልብስ ስለሆነ ግን ገላዋ ላይ ተሰማት። የዘመን ልብስ ማልበስ እስከዚህ ድረስ ሊሄድ ይችላል። ጭካኔ አለበት፤ ሳስበው አይመቸኝም። ፊቷ ላይ ያለው ነገር ግን ውሸት አይደለም።

ወደ ቤታችን ልመለስ። ዝናቡ ቀሏል። ሰፌዱ ላይ የተለቀመው በአንድ በኩል፣ ጠጠሩ በሌላ በኩል ተቀምጧል።

የሌዲ ዊንደርሚር የልደት ግብዣ ማታ ነው። 21 ዓመቷ። ባሏ የሰጣት ማራገቢያ በእጇ አለ። ያቺ ሴት ግብዣው ላይ መጣች። ትንሽ ቆይቶ ሌዲ ዊንደርሚር ከአትክልቱ ቦታ፣ ከአጥር ተክሉ በስተጀርባ ሚስስ ኧርሊንን ከአንድ ወንድ ጋር ታያታለች። ወንዱ አይታይም። እጇን ሲስም ብቻ ነው የሚታየው። ባሌ ነው ብላ ደመደመች። እኛ ኦገስተስ መሆኑን እናውቃለን። ልንነግራት አንችልም። ተናዳ፣ ለባሏ ደብዳቤ ጽፋ፣ ወደ ዳርሊንግተን ቤት ሄደች። ሚስስ ኧርሊን ደብዳቤውን አገኘችው። አነበበችው። አይሪን ሪች ናት የምትጫወታት። ፊቷ ብዙም አይለወጥም። ትንሽ ብቻ።

እማዬ ከኔ ቀድማ ነው የተናገረችው። ጽሑፍ አልመጣም፣ እኔም ምንም አላነበብኩላትም።

"እሷም እንዲሁ ጽፋ ነው የሄደችው" አለች።

ፊልሙን አቆምኩት። "እንዴት አወቅሽ?"

"አታያትም እንዴ? ያነበበችው የልጇን አይደለም። የራሷን ነው።"

በማግስቱ ቴአትሩን ፈልጌ እንደገና አነበብኩት። ሁለተኛው ገቢር ላይ ሚስስ ኧርሊን ደብዳቤውን ካነበበች በኋላ ለብቻዋ የምትናገረው አለ። የዛሬ 20 ዓመት ለአባቷ የጻፍኳቸው ቃላት እነዚሁ ናቸው ትላለች። ዋይልድ በግልጽ ጽፎታል። ሉቢች አውጥቶ ጥሎታል። እማዬ ከሰፌዱ ፊት ቁጭ ብላ መልሳ አስገባችው።

እኔ እስከዚያች ማታ ድረስ ሉቢች ከቴአትሩ ቃሉን የቀነሰ ይመስለኝ ነበር። ለካ ቃሉን ከተዋናይዋ አፍ ወስዶ ለሚያየው ሰው ሰጥቶታል። መድረክ ላይ ሚስስ ኧርሊን ስትናገረው እንሰማታለን፣ እናዝናለን። እዚህ ግን የሚናገር ስለሌለ ራስህ መናገር አለብህ። እማዬ ዋይልድን አታውቀውም። ለንደንን አታውቅም። ልጅ ትታ የሄደች እናት፣ ልጅ ልትሄድ ስትል ምን እንደሚሰማት ግን ከፊት ማንበብ ትችላለች። ሉቢች የተማመነው በእንዲህ ዓይነት ሰው ላይ ነው። እኔ በቃሉ የተማረክሁት ሰው ያችን ቦታ አልፌያት ነበር። ጽሑፍ እስኪመጣልኝ እየጠበቅሁ ነበር።

የጠፋ ነገር የለም አልልም። የዋይልድን ቴአትር ሳነብ የሳቅሁባቸው ቦታዎች ፊልሙ ላይ የሉም። ዳርሊንግተን መድረክ ላይ ክፉም ብልህም ነው፤ አንደበቱ ስላለ። ፊልሙ ላይ መልከ መልካም ሰውዬ ብቻ ሆኗል፤ ሮናልድ ኮልማን ቢጫወተውም። ያ ስለ ቦይና ስለ ኮከብ የሚናገረው ሰው እዚህ የለም። ያንን ሰው እፈልገዋለሁ። ሁለቱንም ማግኘት ይቻላል፤ መጽሐፉ መደርደሪያ ላይ ነው፣ ፊልሙም አሜሪካ ውስጥ የባለቤትነት መብቱ በ2021 ስላበቃ ኢንተርኔት ላይ በነፃ ይገኛል።

መጨረሻውን አብረን አየነው። እናትና ልጅ ዳርሊንግተን ቤት ውስጥ ሳሉ ወንዶቹ በድንገት ይመጣሉ። ሁለቱም ይደበቃሉ። ማራገቢያዋ ግን ሶፋው ላይ ቀርታለች። ወንዶቹ ያገኟታል። ባልየው የሚስቱን ማራገቢያ ያውቃል። በዚህ ጊዜ እናትየዋ ከተደበቀችበት ወጣች። በስህተት ይዤው የመጣሁት እኔ ነኝ አለች። ልጇ በሌላ በኩል ሾልካ ወጣች። የለንደን ወንድ ሁሉ ሚስስ ኧርሊንን ሌሊት በወንድ ቤት ውስጥ አያት። ሊያገባት የነበረው ኦገስተስም አያት። ስሟን ለማደስ የደከመችበት ሁሉ በዚያች ሰዓት አለቀ። (ቢሆንም መጨረሻ ላይ ኦገስተስን ራሱን ገሥጻ መኪና ውስጥ ትገባለች፤ እሱም ተከትሏት ይገባል። እማዬ እዚህ ጋ "ጎበዝ!" አለች።)

ከዚያ ፊልሙ አለቀ።

"ልጅቷስ?" አለችኝ።

"ምን ልጅቷ?"

"እናቷ መሆኗን አልነገሯትም?"

"አልነገሯትም። ቴአትሩም ላይ ሳታውቅ ነው የሚያልቀው።"

ዝም አለች። ሰፌዱን አንስታ አንዴ አንገዋለለችው። ገለባው ወደ ዳር ሄደ። መልሳ ጭኗ ላይ አደረገችው።

"እስቲ ያንን ቦታ መልስልኝ" አለች። "ከተደበቀችበት የምትወጣበትን።"

መለስኩላት። በሩ ተከፈተ። ሚስስ ኧርሊን ወጣች፤ ወንዶቹ ዞሩ። እማዬ ወደ ላፕቶፑ ተጠጋች። እጇ ምስሩ ውስጥ ነበር፣ አልተንቀሳቀሰም።

"አንዴ ድገመው" አለች።